ዳኛው ስላለ ባል፣ ደብዳቤው ስላለ ሀብታም

አንድ ሰው መስኮት ሰብረሃል ተብሎ ዳኛ ፊት ተጎትቶ ይቀርባል። ጥቂት ቆይቶ ከዳኛው ቢሮ ሲወጣ ጥፋተኛም አልተባለም፣ በነፃም አልተለቀቀም፤ ባል ሆኗል። ሚስቱ ደግሞ ከሳሹ ናት።

ይህ ሰርግ የሚገኘው ባስተር ኪተን እ.ኤ.አ. በ1922 ከኤድዋርድ ክላይን ጋር ጽፎ ባዘጋጀው «የሚስቴ ዘመዶች» በተሰኘ ድምፅ አልባ አጭር ኮሜዲ ውስጥ ነው። ፊልሙ ሁለት ጥቅል ነው፤ በዚያ ዘመን የአንድ ሲኒማ ቤት ተመልካች ዋናውን ፊልም እስኪያይ ድረስ የሚያሟሽበት ዓይነት። ዛሬ ሲታይ ሃያ አምስት ደቂቃ ያህል ይወስዳል። ስለ ኪተን የሚጽፉ ሰዎች ብዙውን ጊዜ የሚያነሱት «አንድ ሳምንት» የተባለውን የ1920 ሥራውን ወይም በዚያው በ1922 የወጣውን «ፖሊሶች» ነው፤ ይህኛውን ከታናናሾቹ ይመድቡታል። በቅንብር ረገድ አልተሳሳቱም። ነፋስ እንደ እንዝርት የሚያሽከረክረው የ«አንድ ሳምንት» ቤት እዚህ የለም፤ የመቶዎች ፖሊሶች ሩጫም የለም። ስለ ጋብቻ ግን፣ ይልቁንም ጋብቻን ጋብቻ ስለሚያሰኘው ነገር፣ ከኪተን አጫጭር ሥራዎች እንደዚህኛው ጠልቆ የገባ አላየሁም።

ቦታው ከየአገሩ የመጡ ስደተኞች ተጠጋግተው የሚኖሩበት የአንድ ትልቅ የአሜሪካ ከተማ ሰፈር ነው። ባስተር የከረሜላ ሊጥ እየጎተተ የሚያዘጋጅ ምስኪን ሠራተኛ ነው። እዚያው አቅራቢያ ከፖላንድኛ ሌላ ቋንቋ የማይሰማ ዳኛ አለ። ሊጋቡ የቆረጡ ሁለት ወጣቶች በስልክ ቀጠሮ ይዘውበታልና እየጠበቃቸው ነው። ውጭ መንገድ ላይ ባስተር ከፖስተኛ ጋር ይጋጫል፤ ግርግር ይፈጠራል፤ መስኮት ይሰበራል። በዚያ የምታልፍ፣ ቁመናዋ የባስተርን እጥፍ የሚያህል አንዲት የአየርላንድ ዘር ያላት ሴት ሰባሪው እሱ ነው ብላ ታንቀውና ወደ ዳኛው ትጎትተዋለች። ዳኛው የሚያየው አንድ ወንድና አንዲት ሴት ተያይዘው ሲገቡ ነው። የሚጠብቀውም አንድ ወንድና አንዲት ሴት ነው። ስለዚህ መጽሐፉን ይገልጣል፣ ሥርዓቱን ያደርሳል፣ ያጋባቸዋል። ሴትየዋ ካሳ እየጠየቀች ነው፤ ባስተር አልሰበርኩም እያለ ነው፤ ዳኛው ደግሞ ይህን ሁሉ የጥንዶች ንግግር አድርጎ ይቀበለዋል።

የዚህ ትዕይንት ብልኃት ፊልሙ ድምፅ አልባ መሆኑ ላይ ነው። ያኔ የነበረው ተመልካች አፍ ሲንቀሳቀስ ያያል እንጂ አይሰማም፤ ማን ምን እንዳለ የሚያውቀው በመካከል በሚገባው ጽሑፍ ብቻ ነው። ስለዚህ የዳኛው ፖላንድኛና የሴትየዋ እንግሊዝኛ ለተመልካች ጆሮ እኩል ናቸው፤ ሁለቱም ዝምታ ናቸው። እኛም እንደ ባስተር ቆመን የምናየው የሰውየውን ክብደት፣ የመጽሐፉን ውፍረት፣ የእጁን አነሳስ ነው። እነዚህን ሲያይ ማንም ሰው «እዚህ ቦታ አንድ ከባድ ነገር እየተፈጸመ ነው» ይላል። ምን እንደሚፈጸም ማወቅ ግን ሌላ ጉዳይ ነው። ይኸው ቀልድ በድምፅ ቢሠራ ኖሮ የቋንቋ መደናገር ብቻ ሆኖ ይቀር ነበር፤ ያለ ድምፅ ሲሠራ የሥልጣን ቀልድ ሆነ። ዳኛው የተናገረው ቃል ባይገባም፣ ዳኛ ስለተናገረው ይሠራል።

ሕግ የተማረ አንባቢ እዚህ ላይ ፈገግ ማለቱ አይቀርም። የእኛ የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ የተጋቢዎችን ነፃና ሙሉ ፈቃድ ይጠይቃል፤ በአሜሪካም ያለ ፈቃድ የተፈጸመ ጋብቻ ፍርድ ቤት ቢቀርብ አይጸናም። ባስተርና ሴትየዋ ተመልሰው «ስህተት ነው» ቢሉ ነገሩ እዚያው ያበቃል። ግን አንዳቸውም አይሉም። እሷ ባሏን ይዛ ወደ ቤቷ ትሄዳለች፤ እሱም ይከተላል። ፊልሙ ስለዚህ አንድም ማብራሪያ አይሰጥም፤ ለማብራራት አለመሞከሩን ወድጄዋለሁ። ዳኛ ባልና ሚስት ናችሁ ካለ፣ ናቸው። በቃ።

ቀሪው ፊልም የዚህን «በቃ» መዘዝ የሚተርክ ነው። ቤት ውስጥ አባትየውና አራት ግዙፍ ወንድሞች ተቀምጠዋል። ከወንድሞቹ አንዱ በኪተን አጫጭር ፊልሞች ብዙዎቹ ውስጥ የተራራ ያህል ቆሞ ባስተርን የሚያስጨንቀው ጆ ሮበርትስ ነው። አዲሱን አማች ገልብጠው ያዩታል፣ ይመዝኑታል፣ የማይረባ ሆኖ ያገኙታል። በእንግዳ ደንብ የተቀበለው የለም፤ ግን ያባረረውም የለም፤ ምክንያቱም ዘመድ ነው። ዘመድ መሆኑን ማን አጣራ? ማንም።

ማዕዱ ጋ ስንደርስ ፊልሙ ከፍ ይላል። ቤተሰቡ ገበታ ይቀርባል፣ ጸሎት ያደርሳል፤ ከጸሎቱ በኋላ ግን እጅ ከእጅ ሳይጠባበቅ ሳህኑን ያራቁተዋል። ባስተር ሹካውን ሲያነሳ የሚወጋው ነገር የለም። ይሞክራል፤ ደግሞ ይሞክራል፤ ትላልቅ ክንዶች በፊቱ እንደ መዝጊያ ይተላለፋሉ። ኪተን በዚህ ጊዜ ፊቱ ላይ ምንም አይጽፍም። «ድንጋዩ ፊት» ያሰኘው ይህ ልማዱ ብዙ ጊዜ እንደ ስሜት አልባነት ይቆጠራል፤ እኔ የማየው የሚያሰላ ሰው ፊት ነው። ዓይኖቹ ገበታውን ትተው ግድግዳው ላይ ያርፋሉ። እዚያ ካላንደር ተሰቅሏል። ቀኑ ሐሙስ ነው።

ባስተር ይነሳና ቅጠሉን ያነሳዋል። ዓርብ ሆነ።

ቤተሰቡ ካቶሊክ ነው፤ ዓርብ ሥጋ አይበላም። ለሌላ አገር ተመልካች ይህን ማስረዳት ያስፈልግ ይሆናል፤ ረቡዕና ዓርብ ሲጾም ላደገ የአማርኛ አንባቢ ግን ቀልዱ ራሱን ያስረዳል፤ እንዲያውም በረሳው ቀን ሥጋ ጎርሶ «ዛሬ እኮ ዓርብ ነው!» ሲባል የደነገጠ ሰው ከማንም ይበልጥ ይስቃል። ጉልበተኞቹ ካላንደሩን ያያሉ፣ ይደነግጣሉ፣ ሥጋውን ይመልሳሉ። ጾሙ የማይመለከተው ባስተር ድርሻውን ያነሳል። በጡንቻ ያልቻላቸውን አምስት ወንዶች በአንዲት ወረቀት አሸነፈ።

የፊልሙ ልብ እዚህ ላይ ይመስለኛል። ሰውየው ምን እንደደረሰበት ገብቶታል። አንድ ባለሥልጣን ስለተናገረ ብቻ ባል የተባለ ሰው፣ ይህ ቤትም የሚገዛው በእውነቱ ሳይሆን በተጻፈው መሆኑን ተረድቶ፣ ያንኑ መሣሪያ አዙሮ ተጠቀመበት። ፀሐይ ሐሙስ ቀን ወጥታ ሐሙስ ትጠልቃለች፤ ወረቀቱ ዓርብ ካለ ግን የእነዚህ ሰዎች እጅ ከሥጋው ይሰበሰባል። ዳኛውም ቢሆን ከዚህ የተለየ ሥራ አልሠራም፤ እሱም ቀጠሮውን አምኖ ፊቱ የቆሙትን ሰዎች ሳያይ ቀረ።

ቀጥሎ ደብዳቤው ይመጣል። በፖስተኛው ግርግር ጊዜ የሌላ ሰው ደብዳቤ የባስተር ኪስ ውስጥ ገብቷል። የሚስቱ ወንድሞች ያገኙትና ያነቡታል፤ መቶ ሺህ ዶላር ውርስ ያበሥራል። ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ የማይረባው አማች ጌታ ይሆናል። እስከዚያ ሲጨቁኑት የነበሩት ሰዎች ወንበር ይስቡለታል፤ ቤተሰቡ ሀብቱን በማመን ብቻ ወደ ሰፊና ያጌጠ መኖሪያ ይዛወራል። ገንዘቡን ያየው የለም። ባስተር ራሱ ከየት እንደመጣ በውል አያውቅም። ግን ወረቀት ብሏል። ሚስት የሰጠው የዳኛ ቃል፣ ሥጋ የሰጠው የካላንደር ቅጠል፣ ክብር የሰጠው የተሳሳተ ፖስታ፤ ሰውየው ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አንድ ዓይነት ነው፣ ልብሱና አቀማመጡ ብቻ ይቀያየራል።

አዲሱ ቤት ውስጥ ስለሚፈነዳው የቢራ አረፋ ብዙ አልልም። ባስተር ከልክ ያለፈ እርሾ ይጨምርበትና ድግሱ በአረፋ ይጥለቀለቃል፤ ያስቃል፣ ከሌላውም አጭር ኮሜዲ ይገኛል። አንድ ነገር ግን መታለፍ የለበትም። በአሜሪካ የአልኮል መጠጥ ማምረትና መሸጥ ከጥር 1920 ጀምሮ በሕግ የተከለከለ ነበር። ዓርብ ሥጋ ላለመብላት የሚንቀጠቀጡት እነዚሁ ሰዎች ቤታቸው ውስጥ ቢራ ይጠምቃሉ። የመንግሥትን ሕግ ይስቁበታል፣ የቤተ ክርስቲያንን ሥርዓት ይፈሩታል፤ የዚያ ዘመን ተመልካች ይህን ሳይነገረው ያየው ነበር።

አሁን ወደ ተለመደው አተረጓጎም ልምጣ። ኪተን ተዋናይቷን ናታሊ ታልማጅን ያገባው በግንቦት 31 ቀን 1921 ነው፤ ፊልሙ የወጣው በሚቀጥለው ዓመት። የናታሊ እህቶች ኖርማና ኮንስታንስ በዚያን ጊዜ ሆሊውድ ከነበሩት እጅግ ተወዳጅ ኮከቦች መካከል ናቸው። እናትየው ፔግ የልጆቿን ኑሮና ሥራ በእጇ የያዘች ብርቱ ሴት ናት። የኖርማ ባል ጆሴፍ ሸንክ ደግሞ የኪተን ፊልሞች አምራች ነው። እንግዲህ ስለ ሚስቱ ዘመዶች የተሠራ ፊልም ሲታይ፣ ጸሐፊዎች «ሰውየው አማቶቹን ተበቀለ» ማለታቸው አይገርምም።

ይህ አተረጓጎም ይጥማል፤ ሐሜት ስለሆነም ጭምር ይጥማል። ፊልሙን ግን ያሳንሰዋል። የታልማጅ ቤት በሱፍና በጌጥ የተሸፈነ የኮከቦች ቤት ነው፤ በሥጋ የሚታገሉ የወዛደር ሰፈር ጎረምሶች አይደሉም። ሁለቱን የሚያመሳስል ነገር ካለ የኪተን አቋም ነው። ደመወዙን የሚከፍለው ሰው የሚስቱ እህት ባል ነው። ቤተሰብ ውስጥ ያለው ቦታና ስቱዲዮ ውስጥ ያለው ቦታ በአንድ ውል የታሠረ ነው። አንዱ ወረቀት ከተቀደደ ሌላውም ሊቀደድ ይችላል። ይህን የሚያውቅ ሰው ስለ ወረቀት ኃይል ፊልም ቢሠራ፣ ከበቀል ይልቅ ራሱ የቆመበትን መሬት እየፈተሸ ነበር ብል እመርጣለሁ።

ለዚህ የሚረዳኝ ከዚያ በኋላ የሠራው ነው። እ.ኤ.አ. በ1923 በሠራው «የእኛ መስተንግዶ» በተሰኘው ረጅም ፊልም ሙሽሪቷን ሆና የምትጫወተው ራሷ ናታሊ ናት፤ ሕፃን ልጃቸውም በመግቢያው ላይ ይታያል። እዚያ ደግሞ የልጅቷ አባትና ወንድሞች በቆየ ደም ምክንያት ባስተርን ሊገድሉት ይፈልጋሉ፤ ግን በጣሪያቸው ሥር እንግዳ እስከሆነ ድረስ አይነኩትም። ስለዚህ ሰውየው ከቤቱ አልወጣም ብሎ ይንፏቀቃል። በመጨረሻም አንድ ቄስ ያጋባቸዋል፤ ደመኛው አማች ይሆናል፤ ሽጉጡ ይወርዳል። እዚህም ሕይወት የሚተርፈው በፍቅር ብቻ አይደለም፤ ሥርዓት ስላለ ነው። በ1925ቱ «ሰባት ዕድሎች» ሰባት ሚሊዮን ዶላር ለመውረስ እስከ ማታ አንድ ሰዓት ማግባት ያለበት ሰው በመቶዎች በሚቆጠሩ ሙሽሮች ይባረራል። አማቶቹ ቢቀሩም ኪተን ከዚህ ጉዳይ አይላቀቅም፦ ሰው በአንቀጽ፣ በሰዓትና በፊርማ እንዴት ይኖራል?

እንግዳ ሰርግ በዚያ ዘመን አጭር ኮሜዲ ውስጥ ብርቅ አልነበረም፤ ማወዳደርም ይቻላል። ሎሬልና ሃርዲ እ.ኤ.አ. በ1931 በጄምስ ሆርን አዘጋጅነት በሠሩት «ሚስታችን» በተሰኘ ባለ ድምፅ አጭር ፊልም ውስጥ ወፍራሙ ኦሊቨር ዳልሲ የተባለች እንደ እሱው ወፍራም ልጅ ሊያገባ ከአባቷ ቤት ይሰርቃታል። ሚዜው ስታን ለማምለጫ ያመጣው መኪና ከጋሪ ያነሰ ነው፤ ሦስቱም እዚያ ውስጥ ለመግባት የሚያደርጉት ትግል ራሱን የቻለ ትርኢት ነው። በመጨረሻ ሌሊት የሚደርሱበት የሰላም ዳኛ በተንሸዋረሩ ዓይኖቹ ዝነኛ የነበረው ቤን ተርፒን ነው። ማን የት እንደቆመ ለይቶ አያይምና ኦሊቨርን ከሚዜው ከስታን ጋር ያጋባዋል።

የኪተን ዳኛ ጆሮው አልሠራም፤ የተርፒን ዳኛ ዓይኑ። ልዩነቱ ግን ሌላ ቦታ ነው። «ሚስታችን» ስህተቱ ላይ ሲደርስ ያልቃል፤ ሣቁን ወስዶ መብራቱን ያጠፋል። ኪተን ከስህተቱ ይጀምራል። የመጀመሪያው ስለ ሰርግ የተሠራ ቀልድ ነው፤ ሁለተኛው ስለ ጋብቻ። ለሣቅ ብዛት ከሆነ «ሚስታችን»ን አስቀድማለሁ፤ በተለይ መኪናዋን። ሁለቱ ጓደኛሞች በ1933 የሠሩት «እኔና ባልንጀራዬ»ም አለ፤ ሚዜው ለሙሽራው በስጦታ ያመጣው የሥዕል መገጣጠሚያ ጨዋታ የታክሲ ነጂውን፣ ፖሊሱን፣ አሽከሩን ሁሉ ጠረጴዛ ዙሪያ ስቦ ሰርጉን ያስቀራል። የማይታመን ይመስላል፤ ሰርግ ቀን ያልሆነ ጉዳይ ላይ ተጠምዶ የቀረ ዘመድ ያለው ሰው ግን ያምነዋል።

«የሚስቴ ዘመዶች» ነቀፋም አለበት። ሴትየዋን የምትጫወተው ኬት ፕራይስ በ1872 አየርላንድ ኮርክ ውስጥ የተወለደች፣ ልምድ የጠገበች ተዋናይ ናት። ፊልሙ ግን ብዙ ጊዜ የሚጠቀምባት በሰውነቷ ስፋት ነው፤ ትልቅ ሴትና ትንሽ ወንድ ጎን ለጎን ከቆሙ ተመልካች ይስቃል በሚል ሒሳብ። አልጋ ላይ በእንቅልፍ ልቧ የምትሰነዝረው ጥፊና የባስተር መልስ ያኔ አዳራሽ አስቆ ይሆናል፤ ዛሬ ሣቁ ጉሮሮ ላይ ይቀራል። ድንገት ያላሰበችውን ባል ያገኘችው እሷም ናት፤ እሷስ ምን ተሰማት የሚለውን ፊልሙ አይጠይቅም።

የስደተኞቹም አሳሳል እንዲሁ ነው። ፖላንዳዊው ዳኛ ደንቆሮ ቢጤ፣ አየርላንዳውያኑ በላተኛና ጉልበተኛ። የአሜሪካ ኮንግረስ ወደ አገሪቱ የሚገቡ ስደተኞችን ቁጥር በየአገሩ በኮታ የገደበው በ1921 ነው፤ በ1924 ደግሞ ይበልጥ አጠበቀው። ፊልሙ የተሠራው በሁለቱ መካከል ነው። ኪተን ፖለቲካ የሚሰብክ ሰው አልነበረም፤ የቫውዴቪል መድረክ ላይ ገና በሕፃንነቱ ከወላጆቹ ጋር የወጣ ሰው ነውና፣ አየርላንዳዊን በጠብና በመጠጥ ማሣቅ እዚያ የለመደው የዕለት እንጀራ ነው። ቢሆንም ቀልዱ ዘመኑ ሲጠራጠራቸው ከነበሩ ሰዎች ላይ መውደቁ አልቀረም። ለእሱ ሊባል የሚችለው፣ ከሁሉም በላይ የሚሳቅበት አገሬው ባስተር ራሱ መሆኑ ነው። በገዛ አገሩ፣ በገዛ ከተማው፣ የሚሆነው የማይገባው ሰው እሱ ነው።

ደብዳቤው የእሱ እንዳልሆነ ሲታወቅ ቤቱ ይናወጣል፤ ማባረር፣ መሮጥ፣ መዝለል ይከተላል። ይህ ሁሉ ካለፈ በኋላ ባስተርን የምናገኘው ባቡር ላይ ነው። ባቡሩ ወደ ሪኖ ይሄዳል። በኔቫዳ ግዛት ያለችው ይህች ከተማ ለዚያ ዘመን ተመልካች ፍቺ ማለት ነበረች። ሌሎች ግዛቶች ፍቺን ሲያጠብቁ ኔቫዳ ለስድስት ወር ነዋሪ ለሆነ ሰው በሯን ትከፍት ነበር፤ ጊዜውን በ1927 ወደ ሦስት ወር፣ በ1931 ወደ ስድስት ሳምንት አወረደችው። የዓለም ተወዳጅ የነበረችው ሜሪ ፒክፎርድ ዳግላስ ፌርባንክስን ለማግባት በ1920 የቀድሞ ባሏን የፈታችው እዚያው ኔቫዳ ውስጥ ነው፤ ስለዚህ የከተማዋ ስም ብቻ ስክሪን ላይ ሲታይ አዳራሹ ይስቅ ነበር።

እኔን ያሳቀኝ ግን ሌላ ነው። ባስተር አምልጧል፤ ማንም አይከተለውም፤ ጋብቻውም ከመነሻው ስህተት ነው። ዝም ብሎ መጥፋት ይችላል። እሱ ግን ሌላ ዳኛ ፍለጋ ይሄዳል። ዳኛ ያሠረውን የሚፈታው ዳኛ ነው፤ በዚህ አንድ ነገር ላይ ከአማቶቹም ከፖላንዳዊውም ጋር ይስማማል። ሣቁን መራራ የሚያደርገው ይህ መስማማቱ ነው፤ የሥርዓቱን ጅልነት ከማንም በላይ ያየው ሰው ራሱ ከሥርዓቱ መውጣት አይታየውም። የኪተን የራሱ ጋብቻ የፈረሰው ከአሥር ዓመት በኋላ በ1932 ነው፤ ልጆቹን ናታሊ ወሰደች፤ የአባታቸው ስምም ቀርቶ በእሷ ቤተሰብ ስም ታልማጅ ተባሉ።

ፊልሙን ለማየት ለምትፈልጉ አንድ ምክር። የባለቤትነት መብቱ በአሜሪካ ካበቃ ቆይቷል፤ በነፃ ይገኛል። ከሚዘዋወሩት ቅጂዎች ብዙዎቹ ግን ፍጥነታቸው የተዛባ ነው፤ ሰዎቹ እንደ ጉንዳን ከተርመሰመሱ ዝጉትና የታደሰ ቅጂ ፈልጉ። የኪተን ፊት በትክክለኛ ፍጥነቱ ካልታየ ካላንደሩን ያየበት ቅጽበት ያመልጣችኋል፤ ያ ካመለጠ ደግሞ የቀረው አረፋ ነው።